ሰኞ ሰኞ ነው

"ይሄ አውቶብስ የማን ነው?" አለ ዴል ኖቫክ፣ የኳስ ከረጢቱን በትከሻው እንዳንጠለጠለ የስታዲየሙን የጓሮ በር በእግሩ ገፍቶ ሲወጣ።

"የኛ ነዋ! የማን እንዲሆን ፈለግክ?" አሉ ጋሽ ሚልት። የቡድኑ ዕቃ ጠባቂ ናቸው፤ ግማሽ አካላቸውን አውቶብሱ ሆድ ውስጥ አስገብተው ሻንጣ ይደረድራሉ። "በል ሻንጣህን አቀብለኝ። ያንተ ብቻ ነው የቀረው።"

"የምን ሻንጣ? ነገ ሰኞ አይደል እንዴ?"

ጋሽ ሚልት ቀስ ብለው ቀና አሉ። በጥርሳቸው የያዙትን ስቴኪኒ አውጥተው ዴልን ከእግር እስከ ራሱ ተመለከቱት። እየቀለደ እንደሆነ ለማጣራት ነው።

"ሰኞማ ነው። ነገ ማታ ፎርት ሃርላን እንጫወታለን።"

"ሰኞ ሰኞ ነው እኮ፣ ጋሽ ሚልት።"

"ይሄኛው አይደለም፣ ልጄ። የዚህ ሳምንት ሰኞ ረቡዕ ላይ ነው የሚውለው።"

ጥላው ሥር ተቀምጠው ሳንድዊች የሚበሉት ተጫዋቾች ሳቃቸውን ለቀቁት። "ኮች፣ አዋጥተን ካላንደር እንግዛልህ እንዴ?" አለ አንዱ። "ተዉት ባካችሁ፣ ሰውየው ዕረፍት ላይ ነው" አለ ሌላው። ዴልም አብሯቸው ሊስቅ ሞከረ፤ ፊቱ ግን እሺ አላለውም።

የጋሽ ሚልት ንግግር ለሌላ ሰው የእብድ ወሬ ይመስላል። በዚህ ሙያ ውስጥ ለኖረ ግን ከዚህ የበለጠ ግልጽ ነገር የለም። ዴል ወርዋሪዎችን የሚያሠለጥንለት ሄሮንስ የተባለው ቡድን በሚጫወትበት ትንሽ የቤዝቦል ሊግ ከኤፕሪል እስከ ሴፕቴምበር ኑሮ አንድ መልክ ነው ያለው። ማክሰኞ ከአንድ ቡድን ጋር ትጀምራለህ፣ ከዚያው ቡድን ጋር እስከ እሁድ በየቀኑ ትጫወታለህ፣ እርስ በርስ እስክትሰለቻቹ ድረስ። ሰኞ ታርፋለህ፤ ወደ ማታ አውቶብስ ውስጥ ገብተህ ትተኛለህ። ማክሰኞ ሌላ ከተማ ነህ። ማንም "ዛሬ ቀኑ ስንት ነው?" ብሎ አይጠይቅም፤ የሚጠየቀው "ከማን ጋር ነን?" ነው። ሠርግ የሚደገሰው በኖቬምበር ነው። ልጅ እንኳን በብርዱ ወራት እንዲወለድ ይታሰባል። የዴል ልጅ ቴሳ አባቷን ሳታማክር በጁላይ መጣች፤ አባቷም ያያት ሰኞ እስኪደርስለት ጠብቆ ነው።

ከሚስቱ ከኮሊን ጋር ሲለያዩ ደግሞ ሌሎች አባቶች ቅዳሜና እሁድን ሲጠይቁ እሱ "ሰኞ ይሰጠኝ" ብሎ ለመነ። ጠበቃው ሳቀበት። ዳኛዋ አልሳቀችም፤ ሰጠችው። ከዚያ ወዲህ ቴሳ በየሰኞው ከትምህርት ቤት ስትመለስ፣ ትምህርት ሲዘጋ ደግሞ ከእንቅልፏ ስትነሳ፣ ደጃፉ ደረጃ ላይ ጫማዋን አጥልቃ ትጠብቀዋለች። ሁለት ሰዓት ነድቶ ይመጣና ፓንኬክ ይበላሉ፣ ወንዙ ዳር ባርሊን ያንሸራሽራሉ፣ ከዚያ ይሄዳል። የአባትነቱ ነገር ሁሉ ያለው እዚያች ቀን ላይ ነው።

ባርሊ ውሻው ነው። ቴሳ ልትወለድ አንድ ዓመት ሲቀራት ዴል ከአንድ ነዳጅ ማደያ ያነሳው ቡኒ ውሻ፤ አሁን የኋላ እግሮቹ ከድተውታል። ነገ ማታ የእንስሳት ሐኪሟ ክሊኒኳን ዘግታ ዱቡክ እነኮሊን ቤት ትመጣለች፣ ሳሎኑ ምንጣፍ ላይ መርፌ ትወጋዋለች፣ ያበቃል። ቴሳ አንድ ነገር ብቻ ነበር የጠየቀችው፤ አባቷ አጠገቧ እንዲሆን።

ባለፈው ሳምንት ደውላ "ሐኪሟ ቀን ምረጡ ብላለች። ሰኞ ብላትስ?" ስትለው ዴል ዓይኑን እንኳን አላሸም። "ሰኞ ነዋ። የትም አልሄድም።" መስመሩ ላይ ትንሽ ዝም አለች። "እርግጠኛ ነህ አባዬ?" አለችው። "ሰኞ ሰኞ ነው፣ የኔ ቆንጆ" አላት።

አሁን ያ ዝምታዋ ትዝ አለው። ምን እንደነበረ ግን ገና አልገባውም።

ከረጢቱን መሬት ላይ አስቀምጦ ስልኩ ላይ የጨዋታውን መርሐ ግብር ከፈተ። እዚያው ነበር። መርሐ ግብሩን የሚያወጡት ሰዎች በብርዱ ወራት ቢሮአቸው ቁጭ ብለው የእያንዳንዱን ከተማ ችግር ያስታርቃሉ፤ አውቶብስ በአንድ ሌሊት የት ድረስ እንደሚሄድ፣ ገበያ ያለባትን የቅዳሜ ማታ ለማን እንደሚሰጡ፣ የማን ስታዲየም መቼ እንደተያዘ። ፎርት ሃርላን ረቡዕ ዕለት ሜዳውን ለዘፋኝ አከራይቷል። ስለዚህ ሰኞ ጨዋታ፣ ረቡዕ ዕረፍት። አዲስ ነገር የለውም፤ ከፌብሩዋሪ ጀምሮ የነበረ ነው። ዓርብ ዕለት በስብሰባ ላይም "የእሁዱ አውቶብስ" ሲባል ሰምቷል፤ ሐሳቡ ውሻው ጋ ስለነበር በአንድ ጆሮው ገብቶ በሌላው ወጣ። ሃያ ዓመት ሙሉ ሰኞ አሳፍሮት ስለማያውቅ መርሐ ግብር ማንበብ ትቷል። በገዛ እጁ ነው ያደረገው፤ የሚቆጣበት ሰው አጣ።

ዋና አሰልጣኙ ኦቾዋ ቢሮው ውስጥ ጫማውን አውልቆ እግሩን በረዶ ባልዲ ውስጥ ነክሯል። ሁለቱ በወጣትነታቸው አብረው ተጫውተዋል፤ ኦቾዋ ሁለተኛ ቤዝ ጠባቂ፣ ዴል ኳስ ቀላቢ። ትልቁ ሊግ ሁለቱንም ገርፎ መለሳቸው።

"ነገ መቅረት አለብኝ" አለ ዴል።

"ነገ?" ኦቾዋ ሳቀ። "ነገ ብሪግስ ይመጣል እኮ። ረሳኸው?"

ብሪግስ ቡድኑን የሚያስተዳድረው ትልቁ ክለብ የላከው ኃላፊ ነው። በዓመት ሁለት ጊዜ ይመጣል፤ ማን እንደሚቆይ፣ ማን እንደሚሰናበት የሚወስነው እሱ ነው። ተጫዋችም ይሁን አሰልጣኝ።

"ዮርቢስ ነው ነገ የሚወረውረው" አለ ኦቾዋ ቀጥሎ። "የክርኑ ጅማት ከተቀደደ ወዲህ ብሪግስ ፊት ሲወረውር የመጀመሪያው ነው። ያንን ክንድ ዓመት ሙሉ ያሸኸው አንተ ነህ። አንተ ከሌለህ ልጁ ሦስተኛው ዙር ላይ እጁ ይጠፋበታል፤ አይተኸዋል። ምን ሆነህ ነው?"

"ባርሊን ነገ ሊያሳርፉት ነው።"

"ባርሊ ማነው?"

"ውሻው።"

ኦቾዋ እግሩን ከባልዲው አወጣ። ስሙ ቢጠፋበትም ውሻውን ያውቀዋል፤ አንድ የብርድ ወቅት ሙሉ እነዴል ሶፋ ላይ አብሮት ተኝቷል። "ያ አሮጌ ሌባ እስካሁን በሕይወት አለ?" አለ፣ ድምፁ ዝቅ ብሎ። ከዚያ ደግሞ ፊቱን መለሰና "ውሉ ላይ ለሐዘን ፈቃድ አለ" አለ። "እናት፣ አባት፣ ሚስት፣ ልጅ ይላል። ውሻ አይልም።"

"ልጅ ይላል። እኔ ለልጄ ነው።"

"ልጅህ አልሞተችማ።" ራሱም ያለው ነገር አስደንግጦት፣ ክፉውን ለማራቅ የእንጨት ጠረጴዛውን በጣቱ መታ መታ አደረገ። "እሺ ስማኝ። አንተን ማሰር አልችልም። ግን ብሪግስ 'የወርዋሪዎች አሰልጣኝህ የት አለ?' ሲለኝ ምን ልበለው? አክስቱ ሞታበት ነው ልበል?"

"አክስቴን አምና ገድለናታል።"

"እውነት ነው፤ ለቀብሯ አበባ ልከውላት ነበር።" ሁለቱም ሳቁ፤ ሳቁ ግን ቶሎ አለቀ። "ውልህ በሴፕቴምበር ያልቃል፣ ዴል። ብሪግስ ኮምፒውተር ይዘው የሚያሠለጥኑ ልጆች በር ላይ አሰልፏል። ለልጅቷ ደውልላትና ወደ ረቡዕ አዙረው። ረቡዕ ጠዋት ከፎርት ሃርላን እኔ ራሴ መኪና ተከራይቼ እወስድሃለሁ። ባርሊ ሁለት ቀን ይጠብቀናል።"

ይህ ደግ ሐሳብ ነበር። ዴል ሲወጣ ትከሻው ቀለል ብሎት ነበር ማለት ይቻላል።

መኪናው ውስጥ ገብቶ በሩን ዘጋና ደወለ። ምን እንደሚል አዘጋጅቷል። "ቀየሩብን" ይላል። "ዛሬ ነው የነገሩን፣ ምን ላድርግ" ይላል። መርሐ ግብር ይቀየራል፤ ዝናብ ይመጣል፣ መብራት ይጠፋል። ማን ያጣራዋል?

ስልኩን ያነሳችው ኮሊን ናት።

"እንዳትለኝ" አለች፣ ገና ሰላም ሳይላት።

"ምኑን?"

"የምትለውን። እሁድ እሁድ ደውለህ ደግ ነገር ተናግረህ አታውቅም። ሜይ መጨረሻ ላይ አውቶብሱ ተበላሸ አልክ፤ ልጅቷ ጫማዋን አጥልቃ እስከ ምሳ ድረስ ደረጃው ላይ ተቀመጠች። ከዚያ በኋላ ያለው ሰኞ ደግሞ ዝናብ ነው አልክ። እኔ አሁን ከመሃል ገብቼ ላንተ አልዋሽም፣ ዴል። የምትነግራት ነገር ካለ ራስህ ንገራት።"

"ስጪኛ።"

ስልኩ ከእጅ ወደ እጅ ሲሄድ፣ በር ሲዘጋ ሰማ። ከዚያ የቴሳ ድምፅ፣ በሹክሹክታ።

"አባዬ፣ ቀስ ብለህ አውራ። አጠገቤ ተኝቷል።"

"እንዴት ነው?"

"ከዓርብ ጀምሮ ምንም አልበላም። ውኃ የሚጠጣው ጭንቅላቱን ስይዝለት ብቻ ነው። ማታ ማታ ያቃስታል፤ እማዬ አልሰማሁም ትላለች፣ ግን ሰምታለች።" ትንፋሿን ሳበች። "ነገ እንደሚያልፍለት ነግሬዋለሁ። አባዬ ይመጣል ብዬዋለሁ።"

ዴል አፉን ከፈተ። ረቡዕ የምትለው ቃል ምላሱ ላይ ነበረች።

"ቴስዬ፣ ስሚኝማ የኔ ልጅ..."

"እማዬ አላመነችኝም ነበር እኮ" አለች ቴሳ፣ አላስጨረሰችውም። "መርሐ ግብራችሁ ፍሪጁ ላይ አለ አይደል፤ በመክፈቻው ጨዋታ የሰጡን ማግኔት። ነገ ፎርት ሃርላን እንደሆናችሁ ይላል። እማዬ እሱን አይታ 'አባትሽ ቀኑን ተሳስቶ ነው፣ ደውለሽ ንገሪው' አለችኝ። እኔ ግን አይደለም አልኳት። አባዬ ሃያ ዓመት ቤዝቦል ላይ ኖሮ የጨዋታ ቀን አይጠፋውም አልኳት። እርግጠኛ ነህ ብዬ ጠይቄዋለሁ፣ እርግጠኛ ነኝ ብሎኛል። ጨዋታ እንዳለ እያወቀ ነው። ፈቃድ ጠይቆ ነው አልኳት።"

ዴል ጭንቅላቱን መሪው ላይ አስደገፈ።

"በጨዋታ ቀን መጥተህ አታውቅም" አለች። ወቀሳ አልነበረበትም፤ እንዲያውም የኩራት ድምፅ ነው። "ለባርሊ ስለሆነ ነው አይደል? ለኔም ትንሽ?"

ሃፍረቱ ከአንገቱ ጀምሮ ወደ ላይ ሲወጣ ተሰማው። በሕይወቱ ብዙ ሰው ብዙ ነገር አሞግሶታል፤ ያላደረገውን ነገር እንዲህ አምኖ ያከበረው ግን የለም። ልጅቱ ከአንድ ስንፍናው ላይ አንድ ጥሩ አባት ሠርታ ሳምንቱን ሙሉ ከእሱ ጋር ኖራለች።

"ላንቺም ነው" አለ። "ላንቺ ነው።"

"እሺ። ልትለኝ የነበረው ምንድነው?"

"ምንም። ጭንቅላቱን ያዢለትና ውኃ ስጪው።"

ስልኩን ዘጋ። ከዚያ ወርዶ ወደ ኦቾዋ ቢሮ ተመለሰ። ኦቾዋ ጫማውን አጥልቆ ቦርሳውን እያነሳ ነበር፤ የዴልን ፊት ሲያይ ቦርሳውን መልሶ አስቀመጠ።

"ፎርት ሃርላን አልሄድም" አለ ዴል።

"ለብሪግስ ምን ልበል አልኩህ እኮ።"

"መርሐ ግብሩን አላነበበም በለው። ለልጁ ሰኞ እመጣለሁ ብሎ ቃል ገብቶ ነበር፣ ሰኞ ጨዋታ እንዳለ አላወቀም በለው።"

"እንደዚያ ብዬ ከነገርኩት ያባርርሃል።"

"ያባርረኝ ይሆናል።"

"ይሆናል አይደለም።" ኦቾዋ ግንባሩን አሸ። ተቆጥቷል፤ ከቁጣው ሥር ደግሞ ዴል የማይነካው ሌላ ነገር አለ። ኦቾዋ የአባቱን ቀብር በስልክ ነው የተከታተለው፣ ከአንድ አውቶብስ መጨረሻ ወንበር ላይ ሆኖ፤ በማግስቱ ሁለት ኳስ መታ፤ ጋዜጣው አሞገሰው። ስለዚያ ቀን አንስቶ አያውቅም። "ልጆቹ ፊት አትሰናበተኝ" አለ በመጨረሻ። "በጓሮ ውጣ። ለዮርቢስ ግን ራስህ ንገረው። እኔ አልነግርልህም።"

ዮርቢስ ፓንቶሃ አውቶብሱ ውስጥ የፊተኛው ወንበር ላይ፣ ቀኝ ክንዱን በፎጣ ጠቅልሎ ተቀምጧል። ሃያ ዘጠኝ ዓመቱ ነው፤ አገሩ ሳን ፔድሮ ውስጥ ሚስትና ሁለት ልጆች አሉት፤ ነገ የሚወረውረው ለእነሱ ነው። ዴል ደረጃው ላይ ቆሞ ነገረው። አላስረዘመም።

ዮርቢስ እስኪጨርስ አዳመጠው። "እኔ ልጆቼን ከማርች ጀምሮ አላየሁም፣ ኮች" አለ።

"አውቃለሁ።"

"ሁለተኛዋ መራመድ ጀምራለች። በስልክ ነው ያየሁት።"

"አውቃለሁ፣ ዮርቢስ። ሦስተኛው ዙር ላይ ትከሻህ መውደቅ ሲጀምር ኳሱን ለቀህ ከምትወረውርበት ጉብታ ውረድ። ጫማህን እሰር። ያልተፈታም ቢሆን እሰረው። ከዚያ ትንፋሽ ወስደህ ተመለስ።"

"ጥሩ ቀን መረጥክ" አለ ዮርቢስ፣ ማዳመጫውን ጆሮው ላይ አድርጎ ወደ መስኮቱ ዞረ። ቀልዱን አልነበረም። ልጁ እውነቱን ነው፤ ቴሳም እውነቷን ነው፤ ሁለቱንም በአንድ ማታ መያዝ አይቻልም። ወረደ።

ጋሽ ሚልት የአውቶብሱን ሆድ በሮች እየዘጉ ነበር። ዴል የኳስ ከረጢቱን አቀበላቸው። ተቀበሉትና በእጃቸው መዘኑት። አሮጌ ሰው ናቸው፣ ብዙ ሰው ከዚህ አውቶብስ ሲወርድ አይተዋል።

"የቀረ ዕቃ የለህም?" አሉት ብቻ።

"የለኝም፣ ጋሼ።"

አውቶብሱ ወጣ። ፀሐይዋ ገና ከስታዲየሙ መቀመጫዎች በላይ ናት፤ የእሁድ ጨዋታ በቀን የሚደረገው ለዚህ ነው፣ መንገደኛው ሳይመሽ እንዲወጣ። ባዶው የመኪና ማቆሚያ ላይ የቀረችው የዴል መኪና ብቻ ነች። ነገ ብሪግስ ሜዳው ዳር ቆሞ ዮርቢስን ሲያይ፣ ከተጠባባቂዎቹ ወንበር ላይ አንድ ሰው ሲጎድል ይታየዋል። ዴል ፈርቷል። አርባ አራት ዓመቱ ነው፤ ከዚህ ሌላ ሥራ አያውቅም።

ስልኩ ነዘረ። ቴሳ ናት፤ በጽሑፍ።

"አባዬ ፈቃዱን መቼ ነው የጠየቅከው? እማዬ ንገሪኝ እያለች ነው።"

ዴል መኪናው በር ላይ ተደግፎ አነበበው። "ባለፈው ሳምንት" ብሎ ጻፈ። ቀላል ነው፤ ማንም አይጎዳም። ኮሊን አንዴ እንኳን አፏን ትይዛለች፤ ልጅቱም ይህችን ነገር እስክታረጅ ይዛት ትዞራለች። አውራ ጣቱ መላኪያው ላይ ሆኖ ቆየ። ከዚያ ባርሊን ጭንቅላቱን ይዛ ውኃ የምታጠጣው ልጅ ታየችው። እናቷ ማቃሰቱን አልሰማሁም ስትላት እንኳን መስማቷን የምታውቅ ልጅ ናት።

የጻፈውን አጠፋ።

"ዛሬ ነው የጠየቅኩት" ብሎ ጻፈ። "እናትሽ ልክ ናት፣ ቀኑን አላየሁትም ነበር። አሁን አይቼዋለሁ። እመጣለሁ።"

ሳይጸጸት ላከው። መልሱን አልጠበቀም፤ ነገንም አልጠበቀም። ስልኩን ጎኑ ባለው ወንበር ላይ ጥሎ መኪናውን አስነሳና የዱቡክን መንገድ ያዘ።